«በጎተም ከሚኖሩት ሞኞች የሚያልፉት ይበዛሉ»

በእንግሊዝ አገር ከኖቲንግሃም ከተማ በስተደቡብ ምዕራብ ጎተም የምትባል ትንሽ የገጠር መንደር አለች። ስሟ በጥንቱ እንግሊዝኛ «የፍየሎች ቤት» ማለት ነው። አንድን ሰው «እንደ ጎተም ሰው ብልህ ነህ» ያሉት እንደሆነ ምስጋና እንዳይመስለው፤ ቂል መባሉ ነው። ለዚህ ስድብ ግን ከመንደሯ ጋር የኖረ መልስ አለ፦ «በጎተም ከሚኖሩት ሞኞች በጎተም በኩል የሚያልፉት ይበዛሉ»። ሁለቱም የሚተረኩት ከአንድ ታሪክ ጋር ነው፤ እኔ የምወደው ሁለተኛውን ነው።

ታሪኩ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ከ1199 እስከ 1216 በነገሠው በንጉሥ ጆን ዘመን ሆነ ይባላል። ንጉሡ ወደ ኖቲንግሃም ሲጓዝ በጎተም በኩል ሊያልፍ ነው የሚል ወሬ መጣ። ንጉሥ የረገጠው መሬት ከዚያ ወዲያ የሕዝብ መንገድ ይሆናል ተብሎ ይታመን ነበርና ገበሬዎቹ ማሳቸው ተቆርሶ ሊሄድባቸው ሆነ። እንቢ እንዳይሉ ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ። ስለዚህ ተመካክረው አበዱ።

የንጉሡ መልእክተኞች ሲደርሱ አንዳንዶቹን ኩኩ የምትባል ወፍ ያረፈችበትን ቁጥቋጦ ሲያጥሩ አገኟቸው። የዚህች ወፍ ድምፅ የሚሰማው ብርዱ አልፎ ምድር ሲለመልም ነውና፣ እርሷ ከቀረች ልምላሜውም አብሯት የሚቀር መስሏቸው ነው። ወፏ ሽቅብ በርራ ስታመልጥ «አጥሩን ከፍ ሳናደርገው!» ብለው ተቆጩ። ሌሎቹ እባብ የሚመስለውን ረጅም ዓሣ ውኃ ውስጥ አስጥመው ሊገድሉት ይታገላሉ። ድቡልቡል አይብ ከኮረብታ ቁልቁል እየለቀቁ «ገበያ ቀድመህ ጠብቀን» የሚሉም ነበሩ። እብደት ይጋባል ተብሎ በሚፈራበት ዘመን ይህን ያየ መልእክተኛ አልቆየም፤ ንጉሡም በሌላ መንገድ ሄደ።

ነገሩ አፈ ታሪክ ነው። ገበሬው ንጉሥን የሚፈራበት ምክንያት ግን ተረት አልነበረም። ጆን በ1215 ማኅተሙን ያሳረፈበት፣ የንጉሥን ሥልጣን የሚገድበው ማግና ካርታ የተባለ ሰነድ፣ የቀደመ ግዴታ የሌለበት መንደር ድልድይ እንዲሠራ እንዳይገደድ፣ የንጉሡም ሹማምንት የሰውን እህል ዋጋውን ሳይከፍሉ፣ ፈረሱንና ጋሪውን ባለቤቱ ሳይፈቅድ እንዳይወስዱ ይከለክላል። እንዲህ ያለ ክልከላ የሚጻፈው ድርጊቱ ሲበዛ ነው። ንጉሥ በደጅ ሲያልፍ ምን እንደሚከተል ለሚያውቅ ሰው፣ አንድ ቀን አብዶ መዋል ርካሽ ዋጋ ነበር።

እንግዲህ በአባባሉ ውስጥ «የሚያልፉት» ያዩትን ሁሉ እንዳለ አምነው የተመለሱት መልእክተኞች ናቸው። በእኛ ቋንቋ ቢፈታ ሰሙ እብደት፣ ወርቁ መሬት ነው። አባባሉ የሚስማማውም በሌላው ቂልነት እየሳቀ እርሱ ራሱ መታለሉን ላላወቀ ሰው ነው።

የጎተም ሞኞች በ15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በነበረ መንፈሳዊ ተውኔት ውስጥ ሳይቀር ተጠቅሰዋል። በ1807 ደግሞ አሜሪካዊው ደራሲ ዋሽንግተን ኢርቪንግ በኒው ዮርክ ሰዎች ላይ ሲያላግጥ ከተማዋን ጎተም አላት፤ ስሙም ተጣብቆባት ቀረ። ባትማን የተባለው የልብ ወለድ ጀግና የሚኖርባት ከተማ መጠሪያም ከዚያ የመጣ ነው። በእንግሊዟ መንደር አጠገብ ግን ወፏ ታጥራበታለች የሚባለው ኮረብታ እስከ ዛሬ በኩኩ ቁጥቋጦ ስም ይጠራል።