ካሜራ ያየው፣ ዓይን ያላየው

ስለ ሳይንስ፣ ስለ ቴክኖሎጂና ስለ ሰው እይታ ዘጋቢ ፊልም የሚሠራ ሰው ከተመልካች የማይቀርለት ጥያቄ አለ፦ «በእውነት እንዲህ ነው የሚታየው?» ጥያቄው ተገቢ ነው። ከጥያቄው በስተጀርባ ያሉት ግምቶች ግን ብዙ ጊዜ የተሳሳቱ ናቸው።

«ካሜራ እንደ ዓይን ነው።»

መስታወት ፊት ይቁሙና መጀመሪያ ግራ ዓይንዎን፣ ቀጥሎ ቀኙን ይመልከቱ። ዓይኖችዎ ሲንቀሳቀሱ ፈጽሞ አያዩአቸውም፤ አጠገብዎ የቆመ ሰው ግን ያያቸዋል። ዓይን በሰከንድ ሦስት ጊዜ ያህል ከነጥብ ወደ ነጥብ ይዘላል፤ በዝላዩ መሃል የሚፈጠረውን ብዥታ አንጎል አፍኖ ያስቀረዋል። ያንኑ በስልክ ቀርጸው መልሰው ቢያዩት እንቅስቃሴው ቁልጭ ብሎ ይወጣል። ካሜራ የሚያፍነው ነገር የለም። እኛ «አየሁ» የምንለው ግን አንጎላችን ኤዲት አድርጎ የሰጠንን ነው።

«ፊልም በሰከንድ 24 ፍሬም (ነጠላ ምስል) የሆነው ዓይን ከዚያ በላይ ስለማያይ ነው።»

ይህ ደግሞ ከሁሉም የከፋው ነው፤ ባለሙያዎችም ሲደግሙት ይሰማል። በድምፅ አልባው ዘመን ካሜራ በእጅ ይዘወር ስለነበር ፍጥነቱ እንደ ቀራጩ ክንድ ይለያይ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ መጨረሻ ድምፅ ከምስሉ ጎን ፊልሙ ላይ መታተም ሲጀምር፣ ፍጥነቱ ከተዋዠቀ ድምፁም ይዋዥቃልና አንድ ቁርጥ ያለ ልክ አስፈለገ። 24 ለድምፁ የሚበቃ፣ ጥሬ ፊልምም የማያባክን መሃከለኛ ቁጥር ሆኖ ተገኘ። ዓይን ቢጠየቅ አይስማማም ነበር፦ በሰከንድ 24 ብልጭታ ብቻ ቢሆን ስክሪኑ ሲርገበገብ ስለሚታይ፣ ፕሮጀክተሮቹ እያንዳንዱን ምስል ሁለት ወይም ሦስት ጊዜ እያበሩ ብልጭታውን 48 ወይም 72 ያደርሱት ነበር።

«የጠፈር ምስሎች ቀለም ፈጠራ ነው።»

ጄምስ ዌብ ቴሌስኮፕ በዋናነት የሚያየው ዓይናችን የማይደርስበትን ኢንፍራሬድ ብርሃን ነው። ባለሙያዎቹ ረጅሙን ሞገድ ወደ ቀይ፣ አጭሩን ወደ ሰማያዊ እያመጡ በቅደም ተከተሉ ይቀቡታል። ለጉሮሯችን የማይመችን ዜማ ዝቅ አድርጎ እንደማዜም ነው፤ ዜማው ያው ነው። ቦታው ድረስ ብንሄድ እንዲያ እናየዋለን ማለት ግን አይደለም። ፊልም ሠሪው ይህን በአንድ ዓረፍተ ነገር ቢናገር ምን ነበረበት?

«ድሮ ዘጋቢ ፊልም ያለቀጠሮ የተቀረጸ እውነት ነበር።»

ሮበርት ፍላኸርቲ እ.ኤ.አ. በ1922 በሰሜን ካናዳ ስለሚኖረው የኢኑዊት ሕዝብ ባወጣው ዝነኛ ፊልም «ናኑክ» የተባለው ሰው እውነተኛ ስሙ አላካሪያላክ ነበር። የበረዶ ቤት ውስጥ ካሜራና በቂ ብርሃን ማስገባት ስላልተቻለ፣ አንድ ጎኑ ክፍት የሆነ ቤት ተሠርቶ ቤተሰቡ እዚያ ውስጥ ተኝቶ ሲነሳ ተቀረጸ።

«ድምፁ ከምስሉ ጋር አብሮ የተቀዳ ነው።»

ከሩቅ በረጅም ሌንስ የተቀረጸ እንስሳ የኮቴው ድምፅ ማይክሮፎን አይደርስም። ስለዚህ አብዛኛውን ጊዜ በኋላ ስቱዲዮ ውስጥ ይሠራል። መብረቅም እንዲሁ ነው። ድምፅ በሰከንድ 340 ሜትር ያህል ስለሚጓዝ፣ አንድ ኪሎ ሜትር ርቆ የወደቀ መብረቅ ድምፁ የሚደርሰን ከሦስት ሰከንድ ገደማ በኋላ ነው። ፊልም ላይ ግን ብልጭታውና ነጎድጓዱ እኩል ይመጣሉ፤ ኤዲተሩ ዘግይቶ ቢያስገባው ደግሞ ተመልካቹ ድምፁ የተበላሸ ይመስለዋል።