በሐረር ጁገል የሚገኘው የራስ ተፈሪ ቤት

ከራስ መኮንን ቤተ መንግሥት አቅራቢያ፣ ጁገል በሚባለው በግንብ በታጠረው ጥንታዊ የሐረር ከተማ ውስጥ የቆመው ባለ አንድ ፎቅ ሕንፃ «የራስ ተፈሪ ቤት» ቢባልም ያሠራው ህንዳዊ ነጋዴ ነው። ደጃዝማች ተፈሪ መኮንን፣ የኋላው ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ፣ በ1902 ዓ.ም. የሐረር ገዥ ሆነው ተሾሙ፤ በ1903 ዓ.ም. ወይዘሮ መነን አስፋውን ካገቡ በኋላ የጫጉላ ጊዜያቸውን በዚህ ቤት እንዳሳለፉ ይነገራል፤ የቤቱ ስምም የመጣው ከዚሁ ነው። ሆኖም ራስ የተባሉት በ1909 ዓ.ም. አልጋ ወራሽ ሲሆኑ በመሆኑ፣ ቤቱ የሚጠራው ሙሽራው በወቅቱ ባልነበራቸው ማዕረግ ነው።

የሕንፃው አሠራር ያለ ከተማዋ ታሪክ አይገባም። ንጉሥ ምኒልክ በ1879 ዓ.ም. በጨለንቆ ድል አድርገው ሐረርን ከያዙ በኋላ አስተዳደሩን ለአክስታቸው ልጅ ለመኮንን ወልደ ሚካኤል፣ ለኋላው ራስ መኮንን፣ ሰጡ፤ በዚያ ዘመን ህንዳውያን ነጋዴዎች በከተማዋ እየበዙ ሲሄዱ የቤት አሠራራቸውንም ይዘው ገቡ። ነባሩ የሐረሪ ቤት፣ ጌ ጋር፣ ፊቱን ወደ ውስጥ የመለሰ ነው፤ ከመንገድ የሚታየው ግድግዳና የግቢ በር ብቻ ሲሆን፣ ውበቱ ያለው በውስጡ፣ ከፍና ዝቅ ብለው በተደረደሩት ነደባ በሚባሉት የመቀመጫ መደቦችና በግድግዳው መደርደሪያዎች ላይ ነው። የህንዳውያኑ ቤት ግን ከምድር ቤቱ በላይ ፎቅ አለው፤ በእንጨት የተሠራው በረንዳውም ወደ መንገድ ወይም ወደ ግቢ ይመለከታል። በእኔ ግምት የራስ ተፈሪ ቤት ትልቁ ቁም ነገር ይህ ነው፤ ለዘመናት ገመናዋን በግንብ ስትከልል በኖረች ከተማ መካከል፣ ጌጡን በውጭ ፊቱ ላይ አውጥቶ የሚያሳይ ቤት ቆመ።

የአሠሪውን ማንነት በግልጽ የሚናገረው መግቢያው ነው። ከበሩ በላይ ከጽሑፍ ጋር የተቀረጸው ምስል የሂንዱዎች አምላክ ጋኔሽ ነው፤ የዝሆን ራስ ያለው ይህ አምላክ እንቅፋትን ያስወግዳል ተብሎ ስለሚታመን ሂንዱዎች በደጃፋቸው ላይ ያኖሩታል። መስጊዶችና የሙስሊም ቅዱሳን መቃብሮች በሞሉባት ሐረር፣ በክርስቲያን መስፍን ስም የሚጠራ ቤት በሂንዱ አምላክ ምስል ሥር አልፎ መገባቱ የከተማዋን የንግድ መስመር ስፋት ከብዙ ሰነድ በላይ ያስረዳል።

ዛሬ ቤቱ የሸሪፍ የሐረር ከተማ ሙዚየም ነው። በግለሰብ ጥረት የተሰባሰቡ የእጅ ጽሑፎች፣ የሐረር ሳንቲሞች፣ ጎራዴዎች፣ ጌጣጌጦች፣ አልባሳትና የድምፅ ቅጂዎች በክፍሎቹ ውስጥ ይጠበቃሉ። በ1998 ዓ.ም. ጁገል በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ሲመዘገብ፣ ነባሩ የሐረሪ ቤት፣ የህንዳውያኑ ቤትና የሁለቱ ቅይጥ ሦስቱም የከተማዋ የግንባታ መለያዎች ሆነው ተጠቅሰዋል።