በጥርሳማ ሐዲድ ተራራ የሚወጡ የኤሌክትሪክ ባቡሮች

ባቡር በሜዳ ላይ ብርቱ፣ በዳገት ላይ ግን ደካማ ነው። በብረት ጎማና በብረት ሐዲድ መካከል ያለው ሰበቃ ትንሽ በመሆኑ ከባድ ጭነት በጥቂት ጉልበት ይንቀሳቀሳል፤ መንገዱ ሽቅብ ሲል ጎማውን የሚያንሸራትተውም ይኸው የሰበቃ ማነስ ነው። ከስዊዘርላንድ ወደ ጣሊያን የሚሻገረው የበርኒና መስመር በሰበቃ ብቻ 7 በመቶ፣ ማለትም በየ100 ሜትሩ 7 ሜትር ከፍ የሚል ዳገት ይወጣል፤ ይህም በባቡር ዓለም እንደ ድፍረት የሚቆጠር ነው። ከዚህ በእጅጉ ለሚከብደው ዳገት የተገኘው መላ በሁለቱ ሐዲዶች መካከል ጥርስ ያለው ሌላ ሐዲድ መዘርጋትና በባቡሩ ሆድ ሥር የተገጠመ ጥርሳማ ጎማ እሱን እየነከሰ እንዲወጣ ማድረግ ነው። ይህ ጽሑፍ የሚመለከተው በጠባብ ሐዲድ ላይ የሚሄዱትን፣ ሞተሩንና ተሳፋሪውን በአንድ አካል የያዙትን የኤሌክትሪክ ባቡሮች ነው።

በጥርሳማ ሐዲድ ተራራ የወጡት የመጀመሪያዎቹ ባቡሮች በእንፋሎት የሚሠሩ ነበሩ። ሲልቬስተር ማርሽ በአሜሪካ የገነባው የዋሽንግተን ተራራ መስመር እ.ኤ.አ. በ1869 ጫፍ ደረሰ፤ ኒክላውስ ሪገንባኽ በስዊዘርላንድ የነደፈው የሪጊ መስመር ደግሞ በ1871 ሥራ ጀመረ (ከዚህ በኋላ የሚጠቀሱት ዓመታትም በዚሁ አቆጣጠር ናቸው)። የሪገንባኽ ጥርሳማ ሐዲድ የተጋደመ መሰላል ይመስላል። ሮማን አብት በበኩሉ ጥርስ የተቆረጠባቸውን ሁለት ወይም ሦስት ጠፍጣፋ ብረቶች ጎን ለጎን አቆመ፤ የአንዱ ጥርስ ከሌላው ጥርስ ትንሽ ቀደም ወይም ዘግየት ስለሚል ጥርሳማው ጎማ ከአንዱ ሲላቀቅ ሌላውን ይዞ ይቆያል፣ ጉዞውም ይለሰልሳል። ኤሚል ሽትሩብ ደግሞ በወፍራም ሐዲድ ራስ ላይ ጥርስ በመቅረጽ ለአዘረጋጉም ለጥገናውም የቀለለ ዓይነት አበረከተ።

በሪጊ መስመር በሁለቱ ሐዲዶች መካከል ያለው ስፋት መደበኛው 1,435 ሚሊ ሜትር ነው። ከእሱ በኋላ የተሠሩት አብዛኞቹ የተራራ መስመሮች ግን 1,000 ወይም 800 ሚሊ ሜትር ስፋትን መረጡ። ምክንያቱ ግልጽ ነው፤ ጠባብ ሐዲድ በገደል ወገብ ላይ በአጭር ርቀት መታጠፍ ይችላል፣ የሚፈልገው ቁፋሮ ያንሳል፣ ዋሻውም ይጠብባል፤ በድንጋይ ተራራ ላይ ደግሞ እያንዳንዱ ተጨማሪ ክንድ ብዙ ገንዘብና ብዙ ድካም ያስከፍላል።

የእንፋሎት ሎኮሞቲቭ ተራራ ሲወጣ ከተሳፋሪው በፊት የሚሸከመው የራሱን ቦይለር፣ ውኃና ከሰል ነው። ኃይሉን ከሽቦ የሚወስድ ባቡር ከዚህ ሸክም ነፃ ይሆናል። በጥርሳማ ሐዲድ የሚሄድ የመጀመሪያው የኤሌክትሪክ መስመር በ1892 ከጄኔቭ አጠገብ በፈረንሳይ ምድር በሚገኘው የሳሌቭ ተራራ ላይ ተከፈተ፤ በ1935 ተዘግቷል። በ1898 ከስዊዘርላንዷ ዘርማት ተነሥቶ 3,089 ሜትር ከፍታ ላይ የሚደርሰው የጎርነርግራት መስመር ተከተለ። በዚያው ዓመት በዚያችው አገር የዩንግፍራው መስመር የመጀመሪያ ክፍል ሥራ ጀመረ፤ ኤሌክትሪክ ያስቻለውን ሁሉ የሚያሳይ ከእሱ የተሻለ ምሳሌ የለም። ከ9.3 ኪሎ ሜትር ርዝመቱ 7 ኪሎ ሜትር ያህሉ በተራራ ውስጥ የተፈለፈለ ዋሻ በመሆኑ በጭስ ሊታሰብ የሚችል አልነበረም። ውጥኑ ባቡሩን እስከ ዩንግፍራው ተራራ አናት ማድረስ ነበር፤ ይሁን እንጂ መሥራቹ አዶልፍ ጉየር ዜለር በ1899 አረፈ፣ ወጪውም ከታሰበው በላይ ሆነ፤ ሐዲዱ በ1912 ዩንግፍራውዮኽ በተባለው፣ በሁለት የተራራ ጫፎች መካከል ባለ በረዷማ ኮርቻ ላይ፣ 3,454 ሜትር ከፍታ ደርሶ ቆመ።

መጀመሪያ ላይ በእነዚህ መስመሮች የሚሠሩት ከፉርጎዎቹ በታች ሆነው ሽቅብ የሚገፉ ትናንሽ የኤሌክትሪክ ሎኮሞቲቮች ነበሩ። ገፊው ሁልጊዜ በቁልቁለቱ በኩል ይሆናል፤ መያያዣ ቢበጠስ እንኳ ፉርጎው ሎኮሞቲቩ ላይ ያርፋል እንጂ ብቻውን አይወርድም። በ20ኛው ክፍለ ዘመን ሞተሩ በተሳፋሪው ፉርጎ ወለል ሥር ሲገባ የባቡሩ አጠቃላይ ክብደት ቀነሰ። ጥርሳማ ጎማዎቹም በባቡሩ ርዝመት ስለተከፋፈሉ በእያንዳንዱ ጥርስ ላይ የሚያርፈው ጫና ቀለለ። ከጫፍ እስከ ጫፍ ጥርሳማ ሐዲድ በተዘረጋበት መስመር ላይ ተራ ጎማዎቹ ክብደት ይሸከማሉ፣ መንገድ ይመራሉ እንጂ አይገፉም።

ይህን ባቡር በሚገባ ለማወቅ ሲወርድ ማየት ያስፈልጋል። ለመውጣት የሚበቃ ጉልበት ያለው ሞተር ማግኘት አስቸጋሪ አይደለም፤ በአሥሮች በሚቆጠር ቶን የሚመዘን አካል በ25 በመቶ ቁልቁለት ላይ ሳይፈጥን፣ ፍሬኑም ሳይግል ማውረድ ግን ብርቱ ብልሃት ይጠይቃል። ጎርነርግራትና ዩንግፍራው የመረጡት ባለ ሦስት ፌዝ ተለዋዋጭ ጅረት፣ ማለትም አቅጣጫቸውን እየተከታተሉ የሚለዋውጡ ሦስት ጅረቶች የያዘ ኤሌክትሪክ፣ ለዚህ እንደ ተፈጠረ ያህል የሚመች ነው። ከሦስቱ ፌዞች ሁለቱ ከባቡሩ በላይ በተዘረጉ ሁለት ሽቦዎች ይሄዳሉ፣ ሦስተኛው በሐዲዱ በኩል ያልፋል። በሞተሩ ውስጥ የሚዞረው መግነጢሳዊ መስክ ፍጥነቱ በጅረቱ ድግግሞሽ፣ ማለትም ጅረቱ በሴኮንድ በሚመላለስበት መጠን የተወሰነ ነው። ባቡሩ ሲወርድ ክብደቱ ሞተሩን ከዚያ ፍጥነት ጥቂት አስበልጦ ሊያዞረው ይሞክራል፤ በዚያች ቅጽበት ሞተሩ ወደ ጄኔሬተርነት ይለወጥና ኤሌክትሪክ ወደ ሽቦው እየመለሰ ባቡሩን ይይዘዋል። ነጂው ምንም ሳይጨምር ፍጥነቱ ይጸናል፤ የሚወርደው ባቡር ለሚወጣው ኃይል ያቀብለዋል። ያለ ኮምፒዩተር፣ ያለ ውስብስብ መቆጣጠሪያ፣ ከተፈጥሮ ሕግ ብቻ የተገኘ እንዲህ ያለ ሥርዓት እጅግ ውብ ነው። ጉድለቱ የጥንቶቹ ሞተሮች ከአንድ ቋሚ ፍጥነት መውጣት አለመቻላቸውና ሁለቱ ሽቦዎች በሐዲድ መገናኛዎች ላይ መወሳሰባቸው ነበር። ዛሬ ይህን አሠራር በተሳፋሪ መስመር ላይ የያዙት ጎርነርግራት፣ ዩንግፍራው፣ በፈረንሳይ ላ ሩን እና በብራዚል ኮርኮቫዶ ብቻ ናቸው።

ሌሎቹ በአብዛኛው አቅጣጫውን የማይለዋውጥ ቀጥተኛ ጅረት ይጠቀማሉ፤ 19 ኪሎ ሜትር የሚረዝመው ባለ 800 ሚሊ ሜትሩ የቬንገርንአልፕ መስመር በ1,500 ቮልት ይሠራል። እዚህም ሞተሩ ሲወርድ ያመነጫል፤ ኃይሉን የሚቀበል ሌላ ባቡር ሲጠፋ ግን ጅረትን በሚቋቋሙ ሽቦዎች ውስጥ አልፎ ወደ ሙቀት ይለወጣል። ኤሌክትሪኩ በሙሉ ቢቋረጥ እንኳ ከጥርሳማው ጎማ ዘንግ ጋር የተያያዙ፣ እርስ በርሳቸው የማይደጋገፉ ፍሬኖች አሉ፤ ፍጥነት ከተፈቀደው ሲያልፍም አንዱ ነጂውን ሳይጠብቅ ይይዛል። ቁልቁል የሚፈቀደው ፍጥነት ሽቅብ ከሚፈቀደው ማነሱም ለዚህ ጥንቃቄ ነው።

ዳገቱ እጅግ ቀጥ ሲል ሌላ አደጋ ይመጣል፤ ጥርስ ጥርስን ሲገፋ ባቡሩን በጥቂቱ ወደ ላይ ያነሣዋል፣ ክብደቱም በዳገት ላይ ሐዲዱን የሚጫነው በከፊል ብቻ ስለሆነ ጥርሳማው ጎማ ከሐዲዱ ሊወጣ ይችላል። ኤድዋርድ ሎኸር በ1889 በስዊዘርላንድ በተከፈተው የፒላቱስ መስመር ላይ ለዚህ መልስ ሰጠ። ጥርሶቹን በብረቱ ግራና ቀኝ ጎን አደረገ፤ ሁለት ጥርሳማ ጎማዎችም ተጋድመው ከሁለቱም ወገን እንዲጨብጡት አደረገ። በዚህ ዘዴ ባለ 800 ሚሊ ሜትሩ ባቡር እስከ 48 በመቶ የሚደርስ ዳገት ይወጣል። ተሳፋሪው ቀና ብሎ እንዲቀመጥ የባቡሩ ክፍሎች እንደ ደረጃ ተደርድረዋል። ባቡሩን ከአንድ ሐዲድ ወደ ሌላው የሚያሻግረው ተራ የሐዲድ መለያያ ከዚህ አሠራር ጋር ስለማይሄድ ሐዲዱ ራሱ ከነተሸካሚው ይገለበጣል ወይም ወደ ጎን ይንሸራተታል።

ጥርሳማውን ሐዲድ በአቀበቱ ላይ ብቻ የሚጠቀሙ ድብልቅ መስመሮችም አሉ፤ ከፊስፕ ወደ ዘርማት የሚወጣው አንዱ ነው። እነዚህ ሜዳው ላይ በጎማ ሰበቃ ይሮጣሉ፤ ዳገቱ ሲጀምር ጥርሳማው ጎማ በስፕሪንግ ላይ በተቀመጠ የመግቢያ ብረት አማካይነት ቀስ ብሎ ከጥርሱ ጋር ይገጣጠማል።

ከአልፕስ ውጭም አሠራሩ ሥር ሰድዷል። በ1884 በእንፋሎት የተከፈተው የሪዮ ዴ ጃኔይሮው ኮርኮቫዶ በ1910 ወደ ኤሌክትሪክ ተለወጠ፤ በተራራው ላይ ለቆመው የክርስቶስ ሐውልት የግንባታ ዕቃ ያመላለሰውም እሱ ነው። በስፔን ካታሎንያ የኑሪያ መስመር ከ1931 ጀምሮ መኪና የማይደርስበትን ሸለቆ ያገለግላል፤ በስሎቫኪያ በ1932 ተዘግቶ የነበረው የሽትርባ መስመር በ1970 በኤሌክትሪክ ዳግም ተከፍቷል። በፒላቱስ በ1937 እንፋሎቱን የተኩት የኤሌክትሪክ ባቡሮች ከ80 ዓመት በላይ ከሠሩ በኋላ፣ በ2023 በሽታድለር ኩባንያ በተሠሩ አዳዲስ ባቡሮች ተተኩ፤ አዲሶቹም የሎኸርን ጥርሶች እንደ ቀዳሚዎቻቸው ከግራና ከቀኝ ጨብጠው ይወጣሉ።