ኤልያስ በኣልን «አምላክ ነውና» ያለው ለምንድን ነው?

1ኛ ነገሥት 18፥27 ብዙ ሰው ግር ያሰኛል። ነቢዩ ኤልያስ በኣል የተባለውን ጣዖት እንዴት አምላክ ይለዋል? ነገሩ ምፀት ነው። አፉ የሚለው ሌላ፣ ልቡ ያለው ሌላ።

450 የበኣል ነቢያት በኣል በእሳት እንዲመልስላቸው ከጠዋት እስከ ቀትር ጮኸው መልስ አጡ። ያኔ ኤልያስ ጮክ በሉ፣ አሳብ ይዞት ይሆናል፣ ምናልባትም ተኝቷል አላቸው። «ፈቀቅ ብሎአል» የምትለዋን ደግሞ ብዙ ተርጓሚዎች «ሊጸዳዳ ወጥቷል» ብለው ይፈቷታል። እኔንም ያሳምነኛል። አምላክ የተባለው መጸዳጃ ቤት ሲገባ ምን ክብር ይቀረዋል?

እዚህ ጥቅሱ ራሱ «አላገጠባቸው» ብሎ ይነግረናል። አሞጽ 4፥4 ላይም ምፀት አለ፤ እዚያ ግን እንዲህ ያለ ምልክት የለም። ነቢዩ «ወደ ቤቴል ኑና ኃጢአትን ሥሩ» ሲል ትእዛዝ ይመስላል። ቀጣዩን ቁጥር አብራችሁ አንብቡ፤ ይህን ትወድዳላችሁና ይላቸዋል። ወቀሳ ነው።