ሳሌም መኩሪያ፦ የእህትና የጓደኛ ካሜራ

ሳሌም መኩሪያ ኢትዮጵያ ተወልደው አሜሪካ ውስጥ ሙያቸውን ያዳበሩ የዘጋቢ ፊልም ባለሙያ፣ የቪዲዮ ሠዓሊና መምህርት ናቸው። ቦስተን በሚገኘው የሕዝብ ቴሌቪዥን «ኖቫ» በተባለው የሳይንስ ዝግጅት ላይ ለዓመታት ሠርተዋል። ከከተማዋ አቅራቢያ ባለው ዌልስሊ የሴቶች ኮሌጅም አስተምረዋል።

«ስደት» (እ.ኤ.አ. 1991) ሱዳን ውስጥ በስደት የሚኖሩ የሦስት ኢትዮጵያውያንና ኤርትራውያን ሴቶችን ሕይወት ይከተላል። ጦርነቱ፣ ረሀቡና የደርግ አፈና ብዙ መቶ ሺህ ሰው ወደ ሱዳን ያሻገረበት ዘመን ነበር፤ የውጭው ዓለም በአብዛኛው ያየው የእህል ወረፋና የድንኳን መንደር ነው። እዚህ ግን ሰዎቹ ቁጥር አይደሉም፤ ሦስት ሴቶች ናቸው። ርእሱም ለአማርኛ ተናጋሪ ከድንበር መሻገር በላይ ክብደት አለው፤ በየዓመቱ በጽጌ ወር ልጇን ይዛ ወደ ግብፅ የተሰደደችውን እናት የምናስብበት ቃል ነው።

በዚያው ዓመት በቦስተን የተወለደችውን ጥቁር አሜሪካዊት ደራሲ ዶረቲ ዌስትን የሚዘክር ፊልም ሠርተዋል። ዌስት የመጀመሪያ ልቦለዷን ያሳተመችው እ.ኤ.አ. በ1948 ነበር፤ ሁለተኛው የወጣው እ.ኤ.አ. በ1995 ነው። ፊልሙ የደረሰው በዚህ ረጅም ዝምታ መካከል፣ ደራሲዋ በሕይወት ሳለች ነው።

ከሁሉም የሚከብደው «የወንዝ ማዕበል» ነው። ስለ 66ቱ አብዮት፣ ስለ ተማሪው ትውልድ ተስፋ፣ ስለ ክህደትና ስለ ሥልጣን ፈተና ይናገራል፤ የሚነሳው ግን ከቤት ነው። የባለሙያዋ ወንድም የደረሰበት ሳይታወቅ ጠፍቷል፤ የልብ ጓደኛቸው ተረሽናለች። በቀይ ሽብር ጊዜ በአደባባይ ማልቀስ እንኳ ያስፈራ ነበር። የጠፋ ሰው ደግሞ መቃብር የለውም፤ ቤተሰቡ እርሙን አውጥቶ አርባ ለማውጣት፣ ተዝካር ለመደገስ ይቸገራል፤ በር በተንኳኳ ቁጥር ልቡ ይነሳል። ፊልሙ ለሁለቱ የቆመ መታሰቢያ ነው።

የዚያን ትውልድ ታሪክ በአማርኛ በብዛት የጻፉት የድርጅት ሰዎች፣ በተለይም ወንዶች ናቸው፤ ክርክራቸውም ማን መስመር ሳተ የሚል ነው። ሳሌም የሚጠይቁት በእህትና በጓደኛ አፍ ነው፦ እነዚህ የምንወዳቸው ልጆች እንዴት ተበሉ? ይህን ፊልም ከብዙ የፖለቲካ ትዝታ መጻሕፍት የሚለየው ይህ ነው። እርቅንም የሚያነሳው ሐዘኑን ሳያለባብስ ነው።

በኋላ ሦስት ምስሎች ጎን ለጎን ወደሚታዩበት የቪዲዮ ሥራ አዘንብለዋል። ኢትዮጵያን የሚመለከተው እንዲህ ያለ ሥራቸው እ.ኤ.አ. በ2003 በጣሊያን በ50ኛው የቬኒስ ቢየናሌ፣ በየሁለት ዓመቱ በሚካሄደው ዓለም አቀፍ የሥነ ጥበብ ዐውደ ርእይ፣ ታይቷል። ተመልካቹ ሦስቱን በአንዴ መያዝ አይችልም፤ አንዱን ሲያይ ሌላው ያመልጠዋል።