ይሉኝታ ምንድን ነው?

ምሳ ሰዓት ላይ ሰው ቤት ደርሳችሁ ታውቃላችሁ? ሆድ ባዶ ነው። የወጡ ሽታ ከበር ይቀበላችኋል። «ኑ እንብላ» ሲባል ግን አፋችን ቀድሞ «አይ፣ አሁን በልቼ ነው የወጣሁት» ይላል። የቤቱ እመቤትም ታውቃለች። «በሞቴ!» ትላለች። «ኧረ በእውነት ጠግቤያለሁ» ይባላል። ሦስተኛው ልመና ላይ እጅ ይታጠባል። እዚህ ውስጥ ማንም ማንንም አላታለለም። በእንግዳውና በእሷ መካከል የቆመውን ነገር ሁለቱም ያውቁታል። ይሉኝታ ነው።

ቃሉ ከአፋችን አይጠፋም። «ይሉኝታ ይዞኝ ነው»፣ «ይሉኝታ የሚባል አልፈጠረበትም»፣ «በይሉኝታ ገባሁበት» እንላለን። ምንድን ነው ተብለን ስንጠየቅ ግን ይቸግረናል። እፍረት ነው እንዳንል፣ እፍረት ካጠፉ በኋላም ይመጣል፤ ይሉኝታ ብዙ ጊዜ ቀድሞ ይደርሳል። ጨዋነት ነው እንዳንል፣ ጨዋ ሰው የማያደርገውን ነገር በይሉኝታ ያደረገ ስንቱ ነው። ፍርሃት ነው እንዳንል፣ ዱላ የያዘ ሰው የለም።

መልሱ ያለው ቃሉ ውስጥ ነው። ይሉኝታ የወጣው «ይሉኛል» ከሚለው ነው። መጨረሻው ላይ ያለችው «ታ» እሺ ማለትን እሺታ፣ ዝም ማለትን ዝምታ የምታደርገዋ «ታ» ናት። እና ይሉኝታ ሲፈታ፣ «እንዲህ ይሉኛል» የሚለው ሐሳብ ራሱ ስም ሆኖ ማለት ነው። በዚህች አንዲት ቃል ውስጥ ሁለት ወገን ተቀምጧል። «ኝ» እኔ ነኝ። «ይሉ» እነሱ ናቸው። እነማን? ቃሉ አይናገርም። እኔ እንደሚመስለኝ ስለ ይሉኝታ የሚጠየቀው ትልቁ ጥያቄ ይሄ ነው። እነዚያ «ይሉኛል» የምንላቸው እነማን ናቸው?

ጥያቄው የእኛ ብቻ አይደለም። የጥንቱ ግሪካዊ ፈላስፋ ፕላቶ «ሪፐብሊክ» በተባለው መጽሐፉ፣ በሁለተኛው ክፍል፣ ግላውኮን የሚባል ወጣት ለሶቅራጥስ አንድ ተረት ሲነግረው ይጽፋል። በልድያ ምድር አንድ የንጉሥ እረኛ ነበር። አንድ ቀን ምድር ተንቀጠቀጠችና መሬቱ ተሰነጠቀ። እረኛው ወደ ስንጥቁ ወረደ። ውስጡ ክፍት የሆነ የነሐስ ፈረስ አገኘ። በፈረሱ ሆድ ውስጥ ሬሳ፣ በሬሳው ጣት ላይ የወርቅ ቀለበት ነበር። ቀለበቱን ወሰደ። ከእረኞች ጋር ተሰብስቦ ሳለ የቀለበቱን ፈርጥ ወደ መዳፉ ቢያዞረው ተሰወረ። አጠገቡ የተቀመጡት፣ እዚያ እንደሌለ ሰው አድርገው ስለ እሱ ያወሩ ጀመር። ፈርጡን ሲመልሰው ታየ። ይህንን ደጋግሞ ሞክሮ ካረጋገጠ በኋላ ቤተ መንግሥት ገባ። ንግሥቲቱን አባበለ፣ ንጉሡን ገደለ፣ ዙፋኑን ወሰደ።

የግላውኮን ክርክር አጭር ነው። እንዲህ ያለ ቀለበት አንዱን ለደግ ሰው፣ አንዱን ለክፉ ሰው ብንሰጥ ሁለቱም የሚሄዱት አንድ መንገድ ነው ይላል። ወጣቱ አምኖበት አይደለም፤ ሶቅራጥስ ጠንካራ መልስ እንዲሰጠው ፈልጎ ነው። መልሱ ደግሞ የመጽሐፉን አብዛኛውን ክፍል ይወስዳል። ባጭሩ፣ በደል ታየም አልታየም የበዳዩን ነፍስ ከውስጥ ያፈርሳታል ነው። ቀለበቱ ከሰው ዓይን ይሰውራል እንጂ ከራስ አይሰውርም።

ስሙን ደብቆ በፌክ አካውንት ሰው የሚሰድብ ሰው ስታዩ ያ ቀለበት ትዝ ይበላችሁ። ያው ሰው ሰፈር ውስጥ ሽማግሌ ሲያይ ከመቀመጫው የሚነሳ ሊሆን ይችላል። ፈርጡን አዞረና «ይሉኛል» የሚላቸው ሰዎች ጠፉ። ቋንቋችን ለእንዲህ ዓይነቱ «ይሉኝታ ቢስ» የሚል ከባድ ስድብ ያስቀመጠው በከንቱ አይደለም።

ይሉኝታ ስንት ነገር ተሸክሞ እንደሚያቆም ማየት የፈለገ ሚኒባስ ታክሲ ውስጥ ከኋላ ወንበር ይቀመጥ። ሂሳቡ ከእጅ ወደ እጅ እየተቀባበለ ረዳቱ ጋ ይደርሳል። መልሱም በዚያው መንገድ ይመለሳል። የማይተዋወቁ አራት አምስት ሰዎች የሌላውን ሰው ብር በእጃቸው ይይዙና ያሳልፋሉ። ማንም ደረሰኝ አይጠይቅም። ዕድሩም፣ ዕቁቡም፣ ያለ ወረቀት የሚሰጠው ብድርም እንዲሁ ነው። ሕግ ሊደርስበት የማይችለው ቦታ ሁሉ ላይ «ምን ይሉኛል» ቆሟል።

ታዲያ አርስቶትል የይሉኝታ ዘመድ የሆነውን እፍረትን ከመልካም ባሕርይ ተራ አልመደበውም። እፍረት ባሕርይ ሳይሆን ስሜት ነው ባይ ነው። ማስረጃው ደስ ይላል። ያፈረ ሰው ይቀላል፣ ሞት የፈራ ሰው ይገረጣል፤ ሁለቱም የሰውነት ነገር ናቸው ይላል። ለወጣት እፍረት ይመከራል፣ ከስሕተት ይጠብቀዋልና። ትልቅ ሰው ግን ሲጀመር የሚያሳፍር ነገር ማድረግ የለበትም ነው ሐሳቡ። እኔ በዚህ አልስማማም። ሃምሳ ዓመት ሞልቶት ይሉኝታ የሌለው ሰው አይቻለሁ፤ ከወጣቱ ይልቅ እሱ ያስፈራል።

እ.ኤ.አ. በ1946 አሜሪካዊቷ የባሕል አጥኚ ሩት ቤኔዲክት ስለ ጃፓን በጻፈችው መጽሐፍ የሰውን ባሕል ለሁለት የሚከፍል ሐሳብ አስፋፋች። በአንዱ ዓይነት ባሕል ሰው የሚታረመው በውስጡ ባለ የጥፋተኝነት ስሜት ነው። በሌላው የሚታረመው በሌሎች ፊት በማፈር ነው። ከዚያ ወዲህ እንደ እኛ ያለውን ማኅበረሰብ «የእፍረት ባሕል» ብሎ ማለፍ ቀላል ሆነ። እዚያ ኅሊና አለ፣ እዚህ የሰው ዓይን ብቻ አለ የሚል ትርጉም ይሰጠዋል። ቤኔዲክት መጽሐፉን የጻፈችው ጃፓንን ሳትረግጥ፣ በጦርነቱ ዘመን በሰበሰበችው መረጃ መሆኑ እዚህ ላይ ይነሳ። እኛ ሁለቱንም ቃል ይዘናል። ኅሊናም አለን፣ ይሉኝታም አለን። «ኅሊናዬን ቆረቆረኝ» የሚልና «ይሉኝታ ያዘኝ» የሚል ሰው አንድ ነገር እየተናገረ እንዳልሆነ ሕፃን ልጅ እንኳ ይለየዋል።

ሃይማኖቶቻችንም ይህንን ልዩነት አጥብቀው ይዘውታል። በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 18 ላይ አንድ ክፉ ዳኛ አለ። እግዚአብሔርን የማይፈራ፣ ሰውንም የማያፍር ተብሏል። ሁለት ልጓም አለ ማለት ነው፤ እሱ ሁለቱንም በጥሷል። ማቴዎስ ምዕራፍ 6 ላይ ደግሞ ነገሩ ይገለበጣል። ስትጾም ራስህን ተቀባ፣ ፊትህን ታጠብ፤ ጾምህ በስውር ላለው አባትህ እንጂ ለሰው አይታይ ይላል። ረቡዕ ቀን ሥጋ ያልበላው ሰፈር ውስጥ ስለሚታይ ብቻ የሆነ ሰው ይህን ሲያነብ ዝም ብሎ ማለፍ አይችልም።

በእስልምናም መልአኩ ጂብሪል ስለ ኢሕሳን ሲጠይቃቸው የነቢዩ ሙሐመድ መልስ የታወቀ ነው። አላህን እንደምታየው ሆነህ ማምለክ ነው፤ አንተ ባታየው እንኳ እሱ ያይሃልና። ለሰው ዓይን የሚደረግ አምልኮ በዓረብኛ ሪያእ ይባላል። የአማርኛ ተናጋሪ ሙስሊሞች ይህንን ቃል ሲተረጉሙ «ይዩልኝ» አሉት። ውብ ትርጉም ነው። ይሉኝታ፣ ይዩልኝ፣ ይስሙልኝ። ሦስቱም ውስጥ ያው ስማቸው ያልተጠራ «እነሱ» አሉ። ግን አንድ አይደሉም። ይሉኝታ ያለበት ሰው ክፉ እንዳይባል ይጠነቀቃል። ይዩልኝ የሚለው መልካም እንዲባል ይለፋል።

ስለዚህ ይሉኝታ መልካም ነው ወይስ መጥፎ? ነገሩ የሚወሰነው ባልተጠሩት ሰዎች ማንነት ይመስለኛል። እዚህ ላይ ብዙ የረዳኝ እንግሊዛዊው ፈላስፋ በርናርድ ዊሊያምስ ነው። እ.ኤ.አ. በ1993 ባሳተመው መጽሐፍ የጥንቱን የግሪኮች እፍረት ከትችት ይከላከልለታል። በአእምሯችን ውስጥ ሆኖ የሚያየን ሰው ማንም መንገደኛ አይደለም ይላል። የእሱን ሚዛን የምናከብርለት ሰው ነው። ማስረጃ አድርጎ ከሚያነሳቸው አንዱ በጥንቱ ግሪካዊ ጸሐፌ ተውኔት በሶፎክልስ ተውኔት ውስጥ ያለው ጀግናው አያክስ ነው።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ግሪኮች ትሮይ የተባለችውን ከተማ ሲወጉ የሞተው የጀግናው የአኪለስ የጦር ዕቃ ለአያክስ ሳይሆን ለሌላው የጦር አለቃ ለኦዲሴየስ ተሰጠ። አያክስ በንዴት አለቆቹን ሊገድል ሌሊት ወጣ። አቴና የተባለችው አምላክ አእምሮውን ሰወረችበትና ሰዎች እየመሰሉት በጎችና ከብቶች አረደ። ነግቶ ልቡ ሲመለስ የእንስሳት ደም መሐል ተቀምጦ ራሱን አገኘ። ያን ጊዜ የሚጠይቀው ጥያቄ አማርኛ የተናገረ ነው የሚመስለው። አባቴን በምን ፊቴ አየዋለሁ? ባዶ እጄን ብመጣ እንዴት ብሎ ያየኛል? አባቱ ቴላሞን በዘመኑ ከጦርነት ታላቅ ሽልማት ይዞ የተመለሰ ነበርና።

በጦርነት ተማርካ ሚስቱ የሆነችው ቴክሜሳ ትለምነዋለች። የምትለምንበት ቃል ያው የእፍረት ቃል ነው። ሽማግሌ አባትህን ትተህ መሄድን እፈር ትለዋለች። በሕይወት እንድትመለስ አምላኮችን ደጋግማ የምትለምነውን እናትህንም እፈር ትለዋለች። አያክስ አልሰማትም፤ ሞትን መረጠ። ሁለቱም የሚናገሩት ስለ ይሉኝታ ነው። እሱ የቆጠረው የአባቱን ሽልማት ነው፤ እሷ የቆጠረችለት የእናቱን ጸሎት ነው።

ይህንን ሳነብ የሰፈራችን አንዲት ልጅ ትዝ ትለኛለች። ዓረብ አገር ሰው ቤት ትሠራ ነበር። የሁለት ዓመት ኮንትራቷን ጨረሰች። የላከችው ገንዘብ ግን ለቤተሰብ ሕክምናና ለወንድሟ ትምህርት አልቆ ነበር። በደከመ ሰውነቷ ሌላ ሁለት ዓመት ጨመረች። እናቷ በየወሩ በ21 ማርያም እየሄደች «ልጄን በሕይወት መልሺልኝ» እያለች ስታለቅስ ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል። ልጅቷ ስትመለስ እነሱ ቤት ቡና ላይ ተገናኘን። ለምን ቶሎ እንዳልመጣች ጠየቅኳት።

«በምን ፊቴ? ባዶ እጄን መጥቼ ምን ይሉኛል?»

«እነማን ናቸው?» አልኳት።

አሰበች። በጣቷ መቁጠር ጀመረች። ፊት ለፊት ያለችው ባለሱቅ። የአክስቷ ባል። አብራት የሄደችው ጓደኛዋ እናት። ከዚያ ጣቷ ቆመ። ባለሱቋ ሱቁን ሸጣ ሰፈር ከለቀቀች ቆይታለች። የአክስቷ ባል ሞቷል። የጓደኛዋ እናት ባገኘቻት ቀን የጠየቀቻት ስለ ራሷ ልጅ ብቻ ነበር።

እናቷ አጠገባችን ተቀምጣ ቶናውን እየቀዳች ነበር። እሷን አልቆጠረቻትም።