የጃፓን ሠዓሊዎችን በዘጋቢ ፊልም መቅረጽ፦ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

«የዘመኑ የጃፓን ጥበብ ማለት ማንጋና አኒሜ ነው»

ስልቱን ከማንጋና ከአኒሜ (ከጃፓን ኮሚክ መጽሐፍና ካርቱን ፊልም) የወሰደውን ሠዓሊ ታካሺ ሙራካሚን ብቻ ያየ ሰው እንዲህ ቢል አይፈረድበትም። ግን ቀራፂው ኖቡዎ ሴኪኔ እ.ኤ.አ. በ1968 ኮቤ ከተማ በሚገኝ መናፈሻ 2.7 ሜትር ጥልቀትና 2.2 ሜትር ስፋት ያለው ክብ ጉድጓድ ቆፍሮ፣ የወጣውን አፈር በዚያው ልክ አጠገቡ አቁሞታል። እንዲህ ያለው ሥራ ሲቀረጽ ሰው አጠገቡ ካልቆመ ግዝፈቱ አይታይም።

«ሥዕሉን የገዛው ሰው ከፈቀደ ይበቃል»

አይበቃም። በጃፓን ሕግ ሥዕል ሲሸጥ የቅጂ መብቱ አብሮ አይሸጥም። በውል ካልተላለፈ ሠዓሊው ጋ ይቀራል፤ ሲሞትም ለ70 ዓመት ወራሾቹ ይይዙታል። በእግሩ ይሥል የነበረው ካዙዎ ሺራጋ ያረፈው እ.ኤ.አ. በ2008 ስለሆነ መብቱ እስከ 2078 መጨረሻ ይዘልቃል። ስለዚህ አንድ ደብዳቤ ከባለንብረቱ፣ አንድ ከመብቱ ባለቤት ያስፈልጋል። ሲኒማ፣ ቴሌቪዥን፣ ኢንተርኔትና ፖስተር በየራሳቸው ይጠቀሱ። «ለፊልም» ብቻ ተብሎ ከተጻፈ ፖስተሩ ሲሠራ ድርድሩ እንደ አዲስ ይጀመራል። ደጅ በቋሚነት የተተከለ ሥራ ቀለል ይላል፤ እሱም ቢሆን የቦታው ባለቤት ደንብ አለበት። የሙዚየም ትኬት ደግሞ የመቅረጫ ፈቃድ አይደለም፤ ናኦሺማ ደሴት ባለው ቺቹ ሙዚየም ውስጥ ጎብኚ ፎቶ እንኳ አያነሳም።

«ቶኪዮ የሠራ የካሜራ ቅንብር ኦሳካም ይሠራል»

ብዙ ቀረጻ የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው። ጃፓን ሁለት ዓይነት የመብራት ፍሪኩዌንሲ (ኤሌክትሪኩ በሰከንድ የሚመላለስበት ብዛት) አላት፦ ቶኪዮና ምሥራቁ 50 ሄርትዝ፣ ኦሳካ፣ ኪዮቶና ምዕራቡ 60። አሮጌ ፍሎረሰንት አምፖል ያለበት የሠዓሊ ስቱዲዮ ውስጥ ሸተሩ (ካሜራው ለእያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚያስገባበት ጊዜ) ከመብራቱ ጋር ካልገጠመ በነጩ ግድግዳ ላይ ጥቁር መስመሮች ይንሸራተታሉ፤ ኤዲቲንግ ላይ ማጥፋቱም አድካሚ ነው። ሸተሩን ቶኪዮ 1/50 ወይም 1/100 ሰከንድ፣ ኦሳካ 1/60 ወይም 1/120 ሰከንድ ያድርጉ። ካሜራው ሸተሩን በዲግሪ የሚያሳይ ከሆነ፣ በሰከንድ 24 ፍሬም ሲቀረጽ የሸተሩ አንግል ቶኪዮ 172.8፣ ኦሳካ 144 ዲግሪ ይሆናል። ኢትዮጵያ 50 ሄርትዝ ስለሆነች ከአዲስ አበባ የሄደ ካሜራማን የሚሳሳተው ኦሳካ ላይ ነው፤ ከዋሽንግተን የሄደው ደግሞ ቶኪዮ ላይ። ዋናው ቀረጻ ሳይጀመር 20 ሰከንድ ቀርጾ በትልቅ ስክሪን ማየት ነው፤ የካሜራዋ ትንሽ ስክሪን መስመሩን ትደብቃለች።

«ሠዓሊው ዝም ካለ መልሱ አልቋል»

ብዙ ጊዜ ዋናው ነገር የሚመጣው ከዝምታው በኋላ ነው። ካሜራው ቢያንስ አምስት ሰከንድ ሳይቆም ይጠብቅ። አስተርጓሚውም በጃፓኖች ልማድ በየመሃሉ «ሃይ፣ ሃይ» («አዎ፣ አዎ») እያለ ድምፁን ያበላሻል፤ ጭንቅላቱን ብቻ እንዲነቀንቅ አስቀድሞ ይነገረው።

«ቃለ መጠይቁን በእንግሊዝኛው ትርጉም መቁረጥ ይቻላል»

ጃፓንኛ እንደ አማርኛ ግሱን መጨረሻ ላይ ያስቀምጣል፤ ዓረፍተ ነገሩን አሉታዊ የሚያደርገው ቃልም እዚያው ነው። «ይህን ብቻዬን የሠራሁት አይደለም» ያለው ሠዓሊ «አይደለም» ሳይል ከተቆረጠ ረዳቶቹን የካደ ይመስላል። ቁርጡን ጃፓንኛ የሚሰማ ሰው በድምፅ ያጣራው፤ የአማርኛው የግርጌ ትርጉምም በቀጥታ ከጃፓንኛው ቢሠራ የዓረፍተ ነገሩ ቅደም ተከተል ሳይገለበጥ ይሄዳል።